አንድሮሜዳን ያየንበት ምሽት

ቦንጋ ፊዚክስ በማስተምርበት ዘመን፣ የመጀመሪያ ልጄን አርግዤ ሳለሁ፣ አንድሮሜዳን ካላየሁ ብዬ ተነሳሁ። አንድሮሜዳ እጅግ ሩቅ የሆነ ጥምዝምዝ ጋላክሲ ነው። ለተማሪዎቼ በጠመኔ እየሳልኩ አስረዳለሁ እንጂ በዓይኔ አይቼው አላውቅም፤ ይህ ነገር ያንገበግበኝ ጀመር።

ቤተ ሙከራችን ውስጥ አንዲት ትንሽ ቴሌስኮፕ ነበረች። ዓይን የሚጠጋበት ሌንስ ጠፍቶባት ጥግ ላይ ተጋድማለች። ርዕሰ መምህራችንን ባስፈቅዳቸው ሳቁ።

«እሷ እኮ ከሞተች ቆየች። ደግሞስ የቦንጋን ደመና ረሳሽው?»

«ደመናውን ለእኔ ይተዉልኝ ጋሼ። እርስዎ ብቻ ይፍቀዱልኝ።»

ፈቀዱልኝ። ከተሰበረ ማይክሮስኮፕ ላይ ሌንስ ፈታሁ። ለቱቦው ስለቀጠነ ልክ እስኪሆን ፕላስተር ጠመጠምኩበት። ማዶ ካለው ደን ላይ ሳነጣጥራት ዛፉ ተዘቅዝቆ፣ ግን ጥርት ብሎ ታየኝ። የቀረው ሰማዩ ነበር። ኅዳር ገብቶም አመሻሹ ላይ ጉም ይወርዳል፤ ይዣት ወጥቼ ይዣት እመለሳለሁ።

ባለቤቴ ሥራው ዋጫ ከተማ ስለነበር እናቴ ልታርሰኝ ከምትኖርበት ከደካ መጥታለች። ነገሩን አልወደደችውም።

«እርጉዝ ሴት ሲመሽ ሜዳ ላይ አትቆምም! ምን አጥተሽ ነው?»

«ዛሬ ጠርቷል እማዬ። እሄዳለሁ።»

ተቆጣች፤ ተቆጥታም ጋቢዋን ደርባ፣ በርጩማ አንጠልጥላ ተከተለችኝ። የከተማው መብራት ጠፍቶ ስለነበር ኮከቡ ፈሷል። አራት ማዕዘን የሚሠሩትን ኮከቦች አገኘሁና ከእነሱ ጥግ ተነስቼ ወደ ሰሜን መፈለግ ያዝኩ። ሆዴ አላስጠጋ አለኝ፤ ወገቤ ተቆረጠ። ቴሌስኮፗ ትንሽ በተነካች ቁጥር ሁሉም ያመልጠኛል፤ እንደገና ከአራት ማዕዘኑ እጀምራለሁ።

«ይበቃሻል» ትላለች እናቴ።

«አንዴ ብቻ» እላለሁ።

በመጨረሻ ገባልኝ። በጠመኔ እስለው የነበረው ጥምዝምዝ የለም፤ ግራጫ፣ ሞላላ ጭጋግ ነው። እሱ መሆኑን ግን አልተጠራጠርኩም። በርጩማው ላይ ቁጭ አልኩ።

እናቴ ጎንበስ ብላ አየች። «ጭስ ነው የሚታየኝ።»

«እሱ ነው። ብርሃኑ ከዚያ ሲነሳ እንደ እኛ ያለ ሰው ገና በምድር ላይ አልነበረም።»

«እና መድረሱ ገና አሁን ነው?» አለችኝ።

«አሁን ነው።»

እንግባ ብላት እምቢ አለች፤ በቋንቋዋ በካፊኖኖ ለራሷ እያጉተመተመች ደጋግማ አየች።

በማግስቱ ርዕሰ መምህሩ ዘንድ ገብቼ «ተማሪዎቼን ዛሬ ማታ ሜዳ ላይ አወጣለሁ» አልኳቸው። ራሳቸውም መጡ። አንዳንዱ ልጅ «ይሄው ነው?» ብሎ ቅር አለው። አንዷ ግን አይታ ስታበቃ ዞራ ከሰልፉ መጨረሻ ቆመች፤ ርዕሰ መምህሩም ኮታቸውን ቆልፈው ከኋላዋ ተሰለፉ።

ብዙም ሳልቆይ ሴት ልጅ ተገላገልኩ። ከአራስ ቤት ስወጣ ሰማዩ ገና ጥርት እንዳለ ነበርና ለቀሩት ክፍሎችም አንድሮሜዳን የሚያዩበት ተራ አወጣሁላቸው።