አፔኒሳና የዓሣ አንበሪው ጥርስ

በካናዳ፣ ፓርክዴል በሚባል ሰፈር፣ በአንድ አሮጌ ሕንፃ ውስጥ ሱፐር፣ ማለትም የሕንፃ ጠባቂና ጠጋኝ፣ ሆኖ የሚሠራው አፔኒሳ የፊጂ ሰው ነው። ቁመናው በር ይሞላል፣ ድምፁ ግን ሕፃን የሚቀሰቅስ ይመስል ዝቅ ያለ ነው። ሰኞም ማክሰኞም ቧንቧ ይጠግናል፣ እሑድ ቤተ ክርስቲያን ሄዶ ከኋላ ወንበር ይዘምራል። በዚያ ዓመት መከር ግን ቧንቧውም መዝሙሩም አልያዝለት አለ። ልጁ ሴሚ የአቶ ገብረ ክርስቶስን ልጅ ብሩክታዊትን ለማንም ሳይናገር ማዘጋጃ ቤት ወስዶ አግብቷታል። አባቷ ከዚያ ወዲህ ስልኳን አያነሡም። እሷ ደግሞ እርጉዝ ናት። አፔኒሳ የልጅ ልጁ በግማሽ ዘመድ እንዲወለድ አልፈለገም።

በአገሩ ለዚህ ዓይነቱ ጥፋት መድኃኒት አለው። የወንዱ ወገን ታምቡዋ ይዞ ይሄዳል። ታምቡዋ የዓሣ አንበሪ ጥርስ ነው፤ ገመድ ይታሰርበታል፣ ከዕድሜ ብዛትም ይወይባል። የሴቷ አባት ከተቀበለው ቂሙ ተቀበረ ማለት ነው። አፔኒሳ ከአያቱ የወረሰውን ጥርስ በካልሲ ጠቅልሎ ቁም ሣጥን ውስጥ አኑሮታል።

ችግሩ ሥርዓቱን የተማረበት ቦታ ነው። በእንግሊዝ ዘመን የፊጂ ሰው ከመንደሩ ወጥቶ ለብቻው ለማረስ ፈቃድ ይጠየቅ ነበር። ገዢዎቹ «ባህላችሁን ልንጠብቅላችሁ ብለን ነው» ይሉ ነበር። የአፔኒሳ አባት የመንደሩ የጋራ ሥራ ሲሰለቻቸው ፈቃዱን አውጥተው ኮረብታ ላይ ሙዝ ተከሉ። ስለዚህ አፔኒሳ ከሙዝ ጋር አደገ፤ ሽማግሌ ሲናገር፣ ታምቡዋ ሲቀርብ አላየም። በኋላ ነፃነት መጣ፣ ነፃነትን ተከትሎ ሆቴል መጣ። ባሕር ዳር ባለው ሆቴል ተቀጥሮ፣ የቅጠል ቀሚስ ታጥቆ፣ የአባቶቹን ሥርዓት ለቱሪስት ማሳየት ጀመረ። ያስተማረው የሆቴሉ የመዝናኛ ኃላፊ፣ አንድ አውስትራሊያዊ ነው። እራቱ እንዳይቀዘቅዝ ተብሎ ንግግሩ አጥሯል፤ በመጨረሻም አፔኒሳ እጁን ዘርግቶ «ቡፌው ተከፍቷል» ይላል። በፈረንጆቹ ሰማንያ ሰባት መፈንቅለ መንግሥት ሆነ፣ ቱሪስቱ ጠፋ፣ አፔኒሳም ወደ ካናዳ መጣ።

ለይቅርታ ብቻውን የሚሄድ ሰው የለምና ማኻራጅን ለመነው። የማኻራጅ አያቶች እንግሊዝ ለሸንኮራ እርሻ ከሕንድ ያመጣቸው ናቸው። እሱ ፊጂ ተወልዶ አድጎ፣ በዚያው መፈንቅለ መንግሥት «አገሩ የነባሮቹ ነው» ሲባል ሻንጣውን ይዞ ወጣ። አሁን ስካርቦሮ ይኖራል፣ ታክሲ ይነዳል፣ የፊጂን ቋንቋ ከሴሚ አስበልጦ ይናገራል።

«አባርራችሁኝ ስታበቁ ለሽምግልና እኔን ፈለጋችሁ?» አለ መሪውን የአቶ ገብረ ክርስቶስ ቤት ወዳለበት ወደ ክሬሰንት ታውን እያዞረ። ሴሚና ብሩክታዊት ከኋላ ተቀምጠዋል።

«እኔ አላባረርኩህም። ያኔ ሳህን እያነሣሁ ነበር።»

«ሳህኑን አስቀምጠህ አንድ ቃል ብትተነፍስስ?»

አፔኒሳ በካልሲ የተጠቀለለውን ጥርስ ጭኑ ላይ አመቻቸ። «ይሄ ካለቀ ላንተም ጥርስ ይዤ እመጣለሁ» አለ።

ልጆቹን ታክሲው ውስጥ ትተው ወጡ። በሩን የአቶ ገብረ ክርስቶስ ባለቤት ወይዘሮ ትርፌ ከፈቱ። አፔኒሳ ጫማውን አወለቀና ሶፋውን አልፎ ምንጣፉ ላይ ተቀመጠ፤ በአገሩ ይቅርታ ጠያቂ ከቤቱ ጌታ ዝቅ ይላል።

«ኧረ ጌታዬ፣ ወንበር እያለ» አሉ አቶ ገብረ ክርስቶስ።

«እዚህ ይመቸኛል።»

እንግዳ መሬት ላይ ሆኖ እሳቸው ሶፋ ላይ መቀመጣቸው አላስቻላቸውም። እያቃሰቱ ወርደው ፊት ለፊቱ ተቀመጡ። አፔኒሳ ደነገጠና አንገቱን ደፋ። እሳቸውም አጸፋውን ደፉ። አፔኒሳ ይበልጥ አጎነበሰ።

«ከዚህ በታች ያለው የጎረቤት ቤት ነው» አለ ሶፋው ላይ ብቻውን የቀረው ማኻራጅ።

አፔኒሳ ጥርሱን በሁለት እጁ ይዞ በቋንቋው መናገር ጀመረ፤ ማኻራጅ ወደ እንግሊዝኛ ይመልሳል። ስለ ልጁ ድፍረት፣ ስለዚህ ቤት ክብር፣ ስለሚወለደው ሕፃን ተናገረ። እንዲህ ሰምሮለት አያውቅም። ሲጨርስ ግን ልማድ ሆነበትና እጁን ዘርግቶ በእንግሊዝኛ «ቡፌው ተከፍቷል» አለ።



«ውይ፣ ርቧቸው ኖሯል» ብለው ወይዘሮ ትርፌ ወደ ኩሽና ገቡ። ማኻራጅ ፊቱን በመዳፉ ሸፈነ።

አፔኒሳ ላብ እያጠመቀው ጥርሱን ወደ አቶ ገብረ ክርስቶስ ዘረጋ።

«የለም፣ የለም፤ የአያት ዕቃ እንዴት ይሰጣል? ለልጆችዎ ያቆዩት» አሉ።

እንደገና ዘረጋ።

«አይገባም ጌታዬ፤ መምጣትዎ ይበቃል።»

በሦስተኛውም «በእመቤቴ፣ አይሆንም» አሉ፤ ጨዋ ሰው ስጦታ ሲቀርብለት እንደሚለው። አፔኒሳ ግን የሰማው በር ሲዘጋ ነው። እንባው ጥርሱ ላይ ተንጠባጠበ።

ወይዘሮ ትርፌ ሳህን ይዘው ብቅ አሉ። «ሰውዬውን ምን ብለኸው ነው የምታስለቅሰው?»

«ስጦታ አልወስድም አልኩ እንጂ ምን አልኩ?»

«ስጦታ አይደለም» አለ ማኻራጅ። «በእኛ አገር ይህን መቀበል ልጆቹን ይቅር ማለት ነው። እምቢ ካሉ፣ ይቅር አላልኩም ማለትዎ ነው።»

«በእኛ አገር» ሲል አፔኒሳ ቀና ብሎ አየው።

የአቶ ገብረ ክርስቶስ ፈገግታ ጠፋ። እስካሁን እምቢ ያሉት በጨዋነት ነው፤ አሁን እምቢ ቢሉ ከልባቸው ይሆናል።

«የምን ጥርስ ነው?» አሉ።

«የዓሣ አንበሪ።»

«ዮናስን የዋጠው?»

«ዘመዱ ይሆናል» አለ አፔኒሳ አፍንጫውን እየጠረገ።

አቶ ገብረ ክርስቶስ ጥርሱን ትክ ብለው አዩት። «እሱ እንኳ ዮናስን በሦስተኛው ቀን ተፋው» አሉ ቀስ ብለው። «እኔ ቂሜን ከፋሲካ ጀምሮ ውጬ ይዣለሁ።»

ሁለት እጃቸውን ዘርግተው ተቀበሉ። አፔኒሳና ማኻራጅ እንደ አገራቸው ሥርዓት መዳፋቸውን ጎድጎድ አድርገው አጨበጨቡ።

«ልጄ የት ናት?» አሉ ወይዘሮ ትርፌ።

«ታች፣ ታክሲው ውስጥ።»

ሳህኑን ማኻራጅ ጭን ላይ አስቀምጠው በነጠላ ጫማ ወደ ሊፍቱ ሮጡ።

ሁለቱ አባቶች ለመነሣት ሞከሩ። እግራቸው ደንዝዟል። አፔኒሳ ሶፋውን ያዘ፣ አቶ ገብረ ክርስቶስ አፔኒሳን ያዙ፣ ሁለቱም ተመልሰው ዘጭ አሉ። ብሩክታዊት ሆዷን ይዛ ስትገባ አባቷን መሬት ላይ፣ ትልቅ ጥርስ አቅፈው አገኘቻቸው።

«ዳዲ፣ አር ዩ ኦኬ?»

«ደህና ነኝ» አሉ አቶ ገብረ ክርስቶስ። እጇን ልትሰጣቸው ጎንበስ ስትል ከለከሏት። «አንቺ ተዪው፣ ከባድ ነው። ባልሽ ይግባና ያንሣን።»