ቱቅባ በር ላይ የሣልኩት ዓሣ

በ1985 ዓ.ም. የሃያ ሰባት ዓመት ጎረምሳ ነበርኩ፤ ዓረብ አገር፣ ኾበር ከተማ የአንድ ሀብታም ቤት ሾፌር። ይህን ያስታወሰኝ ባለፈው ዓርብ ያየሁት ነገር ነው። ከአገር ልጆች ጋር ኒስፍ አልቀመር በሚባለው ባሕር ዳር ምንጣፍ አንጥፈን ተቀምጠን ሳለ፣ በቅርብ የመጣች አንዲት የአዲስ አበባ ልጅ ሻይ ልትቀዳልኝ እጇን ስትዘረጋ አምባሯ ላይ ትንሽ የብር ዓሣ ተንጠልጥላ አየሁ።

«ይቺ ምንድን ናት ልጄ?» አልኳት።

«ጌጥ ናት ጋሼ። ቆንጆ ስለሆነች ገዛኋት።»

«ትርጉም የላትም?»

«ዓሣ ምን ትርጉም አለው? ዓሣ ነው እንጂ።»

ሻዩ ትን እስኪለኝ ሳቅኩ። ልጅቱ ጀርባዬን እየመታች «ምን አልኩ?» ትላለች። ምንም አላለችም። እኔ ግን በዓሣ ምክንያት ሚስት ላጣ የነበርኩ ሰው ነኝ።

አስቀድሜ ልናገር፣ እኔ የተማርኩ ሰው አይደለሁም። ፊደል ቆጥሬ ዳዊት ሳልጀምር ከየኔታ ተጣልቼ የወጣሁ ነኝ። ስለዚህ የምጽፈው እንደማወራው ነው። ቃሉን የሚያርም ካለ ለራሱ ያርም።

ያኔ ካፊሌ፣ አሠሪዬ ማለት ነው፣ ግቢ ውስጥ የሾፌር ክፍል ስላልነበረ ቱቅባ የሚባል ሰፈር አንዲት ቤት ለሦስት ተከራይተን እንኖር ነበር። አንደኛው ዲያቆን ይትባረክ ነው፤ አገር ቤት ቅዳሴ ያገለግል የነበረ፣ እዚህ ደማም ወደብ መጋዘን ውስጥ ካርቶን ሲቆልል የሚውል። ሁለተኛው ሰይድ ነው፤ የወረኢሉ እስላም፣ ቀለም ቀቢ፣ ምላሱ ከብሩሹ የሚፈጥን። ሕንጻው አሮጌ ነው። ደረጃው ላይ የካሪና የሳሙና ሽታ ተቀላቅሎ ይኖራል፤ በሮቹ ሁሉ አረንጓዴ የብረት በሮች ናቸው፣ ቁጥር የላቸውም፣ አንዱን ከሌላው የሚለየው የለም።

አስካለ እኔ የምሾፍርበት ቤት ሠራተኛ ነበረች። ጠዋት ልጆቹን ትምህርት ቤት ስናደርስ እሷ ከኋላ ከልጆቹ ጋር ትቀመጣለች፣ እኔ ከፊት። ልጆቹ የሚያውቁት ዓረብኛ ብቻ ስለሆነ ነገራችን ሁሉ በአማርኛ እዚያው መኪና ውስጥ ነው የተነገረው። ትንሹ ልጅ «ምን እያለች ነው?» ብሎ ሲጠይቀኝ «መንገዱ ተጨናነቀ እያለች ነው» እለዋለሁ። ያን ዓመት ልጁ የኾበር መንገድ ከዓለም ሁሉ የተጨናነቀ ሳይመስለው አይቀርም።

አንድ ቀን አቧራው ነፋስ መስታወቱን እየመታ ሳለ፣ ላግባሽ ላልኳት ቁርጡን ነገረችኝ።

«እኔ ብቻዬን እሺ ብል ዋጋ የለውም። እትዬ በላይነሽ ካልፈቀዱ አንድ እርምጃ አልሄድም። ከፋሲካ በኋላ ኮንትራቴ ያልቃል፣ የመውጫ ቪዛ ኹሩጅ ተመትቶልኝ አገሬ ልገባ ነው። አባቴ ደግሞ ባለ ወፍጮ አዘጋጅተውልኛል።»

ባለ ወፍጮ። እኔ የሰው መኪና ነጂ፣ እሱ የራሱ ወፍጮ ባለቤት። እትዬ በላይነሽ አክስቷ ናቸው፣ ወደዚህም ያመጧት እሳቸው ናቸው፤ ደማም አንድ ቤት በሠራተኛነት የኖሩ፣ ጾም ሲሆን እስከ ዘጠኝ ሰዓት ውኃ የማይቀምሱ ሴት። እሳቸው ለአባቷ «ይሄኛው ይሻላል» ብለው ከላኩ ወፍጮው ይቆማል። ካላሉ ያለቀለት ነገር ነው። ስለዚህ በሁዳዴ አንድ ዓርብ፣ እኛ ቤት ለጸሎት ሲመጡ ላናግራቸው ተስማማን። ያን ጊዜ ክርስቲያን ለጸሎት ሲሰበሰብ ከተያዘ ሙሽኪላ፣ ትልቅ ጣጣ፣ ስለነበረው የምንገናኘው ጥቂት ሆነን፣ ድምፃችንን ዝቅ አድርገን ነው።

ችግሩ በሩ ነው። ከዚያ በፊት አንዴ መጥተው ሌላ በር አንኳኩ። ፓኪስታኖቹ ጎረቤቶቻችን ደግሞ ጨዋዎች ናቸው፣ እናት ናት ብለው አስቀምጠው ሻይ በወተት አቀረቡላቸው። እሳቸውም እኛ የዘገየን መስሏቸው በሆዳቸው አቡነ ዘበሰማያት እየደገሙ ሲጠብቁን ቆዩ። ወተቱን እንዳልነኩት በኋላ ምለው ነግረውናል።

«በሩ ላይ ምልክት እናድርግ» አልኩ። «ትንሽ መስቀል።»

«ሁላችንንም ልታስጠርዘን ነው?» አለ ዲያቆን። ከዚያ ፍራሹ ላይ ተደላድሎ ተቀመጠ። ይትባረክ ቀኑን ሙሉ ከካርቶን ጋር ስለሚውል የሚያስተምረው ሰው ሲያገኝ ደስታው ልዩ ነው። «የጥንት ክርስቲያኖችም እንደኛ ተደብቀው ነበር። የሮም ነገሥታት የያዙትን ለአንበሳ ይጥሉ ነበር። ስለዚህ መስቀል በግልጽ አይሥሉም፤ ሌላ ሌላ ምልክት ነበራቸው። መልሕቅ ነበር፣ የተስፋ ምልክት ነው።»

«መልሕቅማ የደማም ወደብ ሙሉ ነው» አለ ሰይድ።

«በግ ነበር።»

«በግ ልሣል» አልኩ።

«በሁዳዴ፣ በር ላይ በግ? ሰው ምን ይለናል? ሥጋ ቤት ነው የሚመስለው።» ዲያቆን ጣቱን ቀሰረ። «ዓሣ ነው የሚሻለው። በጽርእ፣ በግሪክ ቋንቋ፣ ዓሣ የሚለው ቃል ፊደሎቹ አንድ በአንድ ሲፈቱ ኢየሱስ ክርስቶስ የእግዚአብሔር ልጅ መድኃኒት ማለት ናቸው። ሁለት ሰዎች መንገድ ላይ ሲገናኙ አንዱ በእግሩ አሸዋ ላይ ግማሽ ቅስት ያደርጋል፣ ሌላው ካወቀው በሌላ ቅስት ይሞላዋል፣ ዓሣ ይሆናል ይባላል። ወንድማማች መሆናቸውን በዚያ ያውቃሉ። ሁለት መስመር ይበቃል።»

ይህ ነገር ልቤን ነካው። ሰው ለዓሣ ሥዕል አንበሳ አፍ ገባ ሲባል ቀልድ አይደለም። ሁለት መስመር ይበቃል የሚለውን ግን አልተቀበልኩም፤ እትዬ በላይነሽ ዓይናቸው ደከም ያለ ስለሆነ ሁለት መስመር ጭረት ነው የሚመስላቸው። የሰይድን ነጭ ቀለም ወሰድኩና የክንድ ርዝመት ያለው ዓሣ ሣልኩ። ቅርፊቱን አንድ በአንድ፣ ክንፉን፣ አፉን ከፈት አድርጌ። እኔ ደገኛ ነኝ፣ ዓሣ በደንብ ያየሁት ቆርቆሮ ላይ ነው፤ ግን እንደዚያ ያለ ዓሣ ዛሬም ቢሆን የሚሥል አይገኝም እላለሁ። ስጨርስ አየር ላይ የተንሳፈፈ መሰለኝና ከሥሩ አንድ ጎንበስ ያለ መስመር አሰመርኩለት። ምድር ነው። ማረፊያ።

ሰይድ በባለሙያ ዓይን ራቅ ብሎ፣ ቀረብ ብሎ አየው።

«ጎበዝ ነህ» አለኝ። «ሎሚ ብቻ ነው የጎደለው።»

ምቀኝነት መስሎኝ ብሩሹን ማጠብ ጀመርኩ።

ያን ዓመት ረመዳንና ሁዳዴ አብረው ነበር የገቡት። ሰይድ የሱን ጨርሶ ኢድ አክብሯል፤ የኛ ገና ነው። ስለዚህ በዚያ ዓርብ ጠዋት ከዓሣ ገበያ ሀሙር የሚሉትን ዓሣ ገዝቶ፣ በነጭ ሽንኩርትና በእርድ ጠብሶ፣ ሲመለስ ሊበላው ከድኖት ወደ ጁምዓ ሄደ። እኔና ዲያቆን ሽሯችንን አዘጋጅተን፣ የሱፍ ውኃ በጥብጠን፣ የዓረቦቹን ዳቦ፣ ኹብዙን፣ በጨርቅ ጠቅልለን ተቀመጥን። ሽታውን ለምደነዋል። ለምደነው ነው ጉዱ የመጣው።

ከበሩ ውጭ ድምፅ ሰማሁ።

«አስካለ።»

«አቤት እትዬ።»

«ይሄ ምንድን ነው?»

«ዓሣ ይመስላል።»

«ከሥሩስ ያለው?»

ጫማዋ ወደ በሩ ሲጠጋ ሰማሁ። እያየችው ነው ማለት ነው።

«ሰሃን» አለች።

በሩን ከፈትኩ። እትዬ በላይነሽ ጥቁር አባያቸውን አፍንጫቸው ላይ ይዘው ቆመዋል። ከውስጥ የሀሙሩ ሽታ ቀድሞኝ ወጣ።

«ደህና መጡ እትዬ፣ ይግቡ።»

«ወዴት ነው የምገባው? በሁዳዴ ዓሣ ጠብሶ፣ አልበቃ ብሎት በር ላይ ለጥፎ ሰው የሚጠራ ቤት? ሉካንዳ ነጋዴ እንኳ በጾም ሱቁን ይዘጋል።»

ዓሣ በጾም ይበላል አይበላም የሚለው ክርክር በኛ አገር ሰው ዘንድ አላለቀም። ውኃ ዳር የተወለደው ይበላል ይላል፣ ደገኛው ጉድ ነው ይላል። እትዬ በላይነሽ የጃማ ሰው ናቸው። ለሳቸው ክርክሩ ገና ሳይጀመር ያለቀ ነው።

«እትዬ፣ ያ ሰሃን አይደለም። ምድር ነው።»

«ዓሣ ምድር ላይ ምን ይሠራል?»

ይህን አላሰብኩበትም ነበር። እሳቸው ዞረው ደረጃውን መውረድ ጀመሩ። አስካለ ወደ እኔ አየች፣ ወደ አክስቷ አየች፣ ተከተለች። ወፍጮው በጆሮዬ ሲዞር ተሰማኝ። ያን ሁሉ የዲያቆንን ትምህርት ባንድ ትንፋሽ ልናገር ብዬ ከላይ ሆኜ፣

«እትዬ፣ ዓሣውኮ ክርስቶስ ነው» አልኩ።

ከኋላዬ ዲያቆን ግንባሩን ሲመታ ሰማሁ። እትዬ በላይነሽ ቆመው አማተቡ።

«ስምህን ቄስ ይጥራው። እኔ ለልጄ ክርስቲያን ባል ነው የምፈልገው። ይሄ በዓሣ አምኗል።»

ዲያቆን እየሮጠ ወረደ። «እትዬ፣ ይቆዩኝማ። በጽርእ ቋንቋ፣ ማለትም ግሪኮቹ…»

«ግሪኮቹ ሁዳዴ ይጾማሉ?»

«ይጾማሉ እንጂ።»

«ዓሣስ?»

ይትባረክ ውሸት የማይሆንለት ሰው ነው። ይህ አንድ ቀን ይጠቅመዋል፣ ያን ቀን ግን አልጠቀመንም። «እ… አንዳንድ በዓል ላይ እንኳ… ይፈቀድላቸዋል» አለ።

«ኸላስ። በቃኝ።»

ሰይድ ነጭ ጀለቢያውን ለብሶ ከመስጊድ ሲመለስ ደረጃው ላይ የተገናኛቸው እዚህ ላይ ነው። አንዴ ፊታቸውን፣ አንዴ የኔን ፊት አየ፤ አንድም ነገር ሳይጠይቅ ገባው።

«እናቴ፣ ዓሣውን የጠበስኩት እኔ ነኝ። ሰይድ እባላለሁ። እኔ ረመዳኔን ጨርሻለሁ፣ ሁዳዴ የለብኝም።»

«የት አገር ሰው ነህ?»

«ወረኢሉ።»

«ወረኢሉ?» አባያው ከአፍንጫቸው ትንሽ ወረደ። «እኔኮ ጃማ ነኝ።»

«ታዲያ ጎረቤት ነና። አብሽሩ እናቴ። ይሄ ልጅ ዓሣ ስበላ ሽሮውን ይዞ በረንዳ ላይ ነው የሚቀመጠው። ና ቅመስ ብዬ ለምኜው እንቢ ብሎኛል። ወላሂ።»

እትዬ በላይነሽ ትንሽ አሰቡ። የኔን ቃልና የዲያቆኑን ትምህርት ያልተቀበሉ ሴት የሰይድን ወላሂ ተቀበሉ። ክርስትናዬን የመሰከረልኝ የወረኢሉ እስላም ነው። እኛ አገር ይህ አዲስ ነገር አይደለም።

«መልካም» አሉኝ። «ዓሣውን አጥፋና እንነጋገር።»

እዚህ ላይ ማንም ጤነኛ ሰው «እሺ» ይል ነበር።

«አላጠፋም» አልኩ።

ሰይድ ዓይኑን ጨፈነ።

«ለአንበሳ ተጥለው ያልካዱትን እኔ ለጥብስ ሽታ ብዬ አልክድም» አልኩ። እንዲህ ነው ያልኩት፣ ቃል በቃል።

«እንግዲያው እኔም አልገባም» አሉና ወረዱ። እንዴት ደስ ይላል፣ ሁለት ግትሮች አንድ ደረጃ ላይ። ሰይድ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብሎ «ባለ ወፍጮው ይሄን ቢሰማ ድግስ ይደግሳል» አለኝና ሊሸኛቸው ተከተለ።

አስካለ ጫማዋን ለማስተካከል እንደሆነች ሁሉ ጎንበስ ብላ ወደ ኋላ ቀረች።

«ዓሣውን አጥፋ አልልህም» አለች፣ ቀና ሳትል። «ሰሃኑን አጥፋው።»

«ሰሃን አይደለም። ምድር ነው።»

«እሺ፣ ምድሩን አጥፋው። እትዬን እኔ እነግራቸዋለሁ። ሰሃን ላይ ያለ ዓሣ የሞተ ነው፣ ሰሃን የሌለው ሕያው ነው እላቸዋለሁ።»

ይህን ብላ ወረደች። እኔ በሩ ሥር ተቀምጬ ቀረሁ። ዲያቆንም አጠገቤ ተቀመጠ፤ «አስካለ ያለችው መጽሐፉ ላይ አልተጻፈም፤ ግን መጻፍ ነበረበት» አለ።

«ታዲያ አጠፉት?» አለችኝ የአምባሯ ልጅ ታሪኩን እዚህ ሳደርስላት፣ ኒስፍ አልቀመር ላይ፣ ሻዩን እንደያዘች።

አጠገቤ የተቀመጠችው አስካለ ቀደመችኝ። «ሰሃን ነበር» አለቻት፣ ልጅቱ የጠየቀችው ይህን ይመስል። ይኸው ልጆች ወልደን ለቁም ነገር አብቅተን፣ ጠጉራችን ሸብቶ፣ ዛሬም ሰሃን ነው ትላለች። እኔም ምድር ነው እላለሁ። የሚያስታርቀን ሽማግሌ አልተገኘም።

አንድ ነገር ግን ገብቶኛል። ምልክት ብቻውን ቆሞ አይናገርም። የሮም ሰው ዓሣ ሲያይ ጌታውን አየ፣ እትዬ በላይነሽ የተሻረ ጾም አዩ፣ ሰይድ ሎሚ የጎደለው ምሳ አየ፣ ይቺ ልጅ ደግሞ ቆንጆ ጌጥ አየች። እኔ ስሥለው ምን እንዳየሁ እውነቱን ልናገር ካልኩ፣ አስካለን ነው። ይህን የጻፍኩት ማንም አምባሩን እንዲያወልቅ አይደለም። ትርጉሙን ሳያውቅ ግን በር ላይ የሚሥል ካለ ቀድሞ አክስት ይጠይቅ።

ያኔ፣ በዚያ ዓርብ ማግስት፣ ቅዳሜ ጠዋት (እዚህ ቅዳሜ የትምህርት ቀን ነበር)፣ ልጆቹን ትምህርት ቤት ከማድረሴ በፊት ሰይድን ከእንቅልፉ ቀስቅሼ አረንጓዴ ቀለም አለህ ወይ አልኩት። ዓይኑን ሳይገልጥ ከአልጋው ሥር ቆርቆሮውን ገፋልኝ። ወጣሁና ብሩሹን ነክሬ ምድርን ከጫፍ እስከ ጫፍ አጠፋኋት፤ ዓሣውን አልነካሁትም። ከዚያ ወደ ኾበር ነዳሁ። አስካለ ልጆቹን ይዛ መኪናው ውስጥ ስትገባ እጄ ገና አረንጓዴ ነበር።

«ምድር ጠፍታለች» አልኳት። «ለእትዬ ንገሪያቸው።»