ተጎታች ላይ የተራመደችው እህቴ

መተማ ውስጥ የቁንጅና ውድድር ሊካሄድ መሆኑ በድምፅ ማጉያ ሲለፈፍ ታላቅ እህቴ ስለ ዘውዱ አልጠየቀችም። ያጓጓት ሽልማቱ ነበር፤ የልብስ ስፌት መኪና። እሱን ካገኘች በመጪው መኸር ለቀን ሥራ ወደ ሰሊጥ እርሻ አትወጣም፤ ቤቷ ተቀምጣ ትሰፋለች።

አዘጋጁ ፊት የሚያቀላ ክሬም የሚሸጥ ነጋዴ ነው። ሁለት የትራክተር ተጎታቾች ገጥሞ፣ ቀይ ምንጣፍ አልብሶ መድረክ ሠራ። ሌሎቹ ተወዳዳሪዎች ክሬሙን ለሳምንታት ተቀብተው ፊታቸው ቀልቷል፤ የጣቶቻቸው መገጣጠሚያ ግን እንደ ጠቆረ ነው። እህቴ ፊቷን ታጥባ ብቻ መጣች። የተዋሰችው ባለታኮ ጫማ ይጠባታል።

ሌሎቹ በቴሌቪዥን እንዳዩት ዳሌያቸውን እያወዛወዙ ሄዱ፤ ተጎታቾቹ የተጋጠሙበት ቦታ ላይ ሲደርሱ ሁሉም ተንገዳገዱ። ከዚያ እህቴ ወጣች።

«ይቺ ደግሞ ነዶ ያቀፈች መሰላት እንዴ?» አለ አጠገቤ የቆመ የትራክተር ሾፌር። ሰው ሳቀ።

እውነቱን ነው። የደረቀ ሰሊጥ ትንሽ ካዘነበለ ፍሬው ይረግፋል። ስለዚህ ነዶውን ወደ መውቂያው ሸራ የምታደርስ ሴት ቀጥ አድርጋ አቅፋ፣ ከወገቧ በላይ ሳትነቃነቅ ነው የምትሄደው። እህቴም ባዶ እጇን እንደዚያው ተራመደች። መጋጠሚያውን ስትሻገር ጭንቅላቷ እንኳ አልተወዛወዘም። ሳቁ ቆመ። ሾፌሩ ኮፍያውን አወለቀ። እኔ ግጥም እጽፋለሁ ባይ፣ ያንን አረማመድ ስንት መኸር አጠገቡ ቆሜ ሳላየው እንደኖርኩ ያን ጊዜ ገባኝ።

አሸነፈች። ነጋዴው ማይክሮፎኑን ሲሰጣት ጆሮዋ ላይ አንሾካሾከ።

«ያሸነፍኩት ክሬሙን ስለምቀባ ነው» አለች፣ ዓይኗን ከስፌት መኪናው ላይ ሳትነቅል። አንድም ቀን ተቀብታው አታውቅም።

አሁን ፎቶዋ የነጋዴው ሱቅ በር ላይ ተለጥፏል። በኮምፒውተር በጣም ስላቀሉት እናታችን የገዛ ልጇን ሳታውቃት አልፋ ሄደች። ተናድጄ እህቴን ለምን እንደዋሸች ስጠይቃት የስፌት መኪናውን እየረገጠች ነበር።

«እስቲ ፎቶው ይራመድላቸው» አለችኝ፣ ክሩን በጥርሷ እየበጠሰች።

በመኸሩ እሷ ቤት ቀረች፤ በእሷ ፈንታ ነዶ ያቀፍኩት እኔ ነኝ። እንደ እሷ ቀጥ ብዬ ለመሄድ ብዙ ሞከርኩ። ሸራው ጋ ስደርስ ጫማዬ በሰሊጥ ተሞልቶ ነበር።