ጀርባዋ ብቻ የሚታይበት ፊልም

ቸሩ አልጋነሽን በቅጡ አያውቃትም ነበር። የሚያውቀው አሰብ ያለ ሰው ሁሉ የሚያውቀውን ነው፤ በጭነት መኪና ከደሴ መጣች፣ ወደብ ውስጥ የተቀደደ ጆንያ ትሰፋለች፣ አንድ ቤት ዓመት አትከርምም። ስትሰፋም ፊቷ ወደ መግቢያው ነው። ከደጋ የመጣ መኪና በገባ ቁጥር መርፌዋን ጆንያው ላይ ትተክልና ካቢናውን በዓይኗ ትበረብራለች።

ቸሩ የጉምሩክ ጸሐፊ ነው። ከአንድ መርከበኛ በገዛት ትንሽ ካሜራ ድምፅ የሌለው አጭር ፊልም ጀምሯል። ታሪክ የለውም፤ ነጻነት ምን እንደሆነ በሚራመድ ሰው ብቻ ለማሳየት ነው ሐሳቡ። የቀረው አንድ ጥቅል ፊልም ነው።

«ማን ነው የሚያየኝ?» አለችው አልጋነሽ፣ ፊልሙ ላይ እንድትራመድለት ሲለምናት።

«አዲስ አበባ ይታያል። ከተሳካልኝ ደሴም።»

ደሴ ሲል እጇ ቆመ። «እንግዲያው ጀርባዬን ብቻ። ፊቴን እንዳታነሳ።»

አብራት የምትሰፋው ውባንቺ ሳቀች። «እንግዲያ ነገ ፊትሽን አትታጠቢ! ውሃው ለጀርባሽ ይቆጠብ!»

እሁድ ጠዋት ከመጋዘኖቹ ኋላ ካለው አሸዋ ላይ ተገናኙ። ነፋሱ ነጠላዋን ይጎትታል። ካሜራው ማንሳት ሲጀምር አልጋነሽ ወደ ባሕሩ አቀናች። መጀመሪያ እንደ ታዘዘ ሰው ነበር የሄደችው። ከዚያ ትከሻዋ ወረደ፣ እጆቿ ተፍታቱ። ቸሩ እንዲህ ስትራመድ አይቷት አያውቅም። ይኸው፣ አለ በልቡ።

ከመንገዱ የመኪና ክላክስ ጮኸ።

አልጋነሽ ክው ብላ ዞረች። ፊቷ እንዳለ ካሜራው ውስጥ ገባ። ቸሩ ጣቱን ከካሜራው ቁልፍ ላይ አላነሳም።

እየሮጠች መጣች። «አነሳኸኝ?»

«አልጋነሽ፣ እኮ ከሁሉም የሚበልጠው እሱ ነው...»

«አነሳኸኝ ወይ ነው ያልኩህ!»

«አዎ።»

«እንግዲያው ደግሞ ከዚህም ልሽሽ? ከዚህ ወዲያ ባሕር ነው፤ የት ልግባ?»

ቸሩ ካሜራውን ደረቱ ላይ አቅፎ ቆየ። እንደዚያ ያለ ነገር ሁለተኛ እንደማያገኝ ያውቃል። ክዳኑን ከፈተና ጥቅሉን መዝዞ ፀሐይ ላይ ዘረጋው።

«በቃ፣ ብርሃን ነካው፤ ተቃጠለ። ማንም አያይሽም።»

አልጋነሽ ፊልሙን ተቀብላ ወደ ብርሃን አነሳችው፤ ፊቷን እንደምትፈልግ ሁሉ ከጫፍ እስከ ጫፍ አየችው። ቀስ በቀስ ትንፋሿ ተመለሰ።

«ማንን ነው የምትሸሺው?» አላት።

«ይህንንስ አትጠይቀኝ፣ ቸሩ» አለችና ያወለቀችውን ጫማ ከአሸዋው አንስታ ሄደች።