የጎደለው አሥራ አራተኛ ሳምንት

ቬዳቫሊ በደቡብ ሕንድ፣ ኩምባኮናም ከተማ ውስጥ መጽሐፍ ጠራዥ ናት። ሴቶች ከሳምንታዊው መጽሔት እየቀደዱ ያጠራቀሙትን ተከታታይ ልብ ወለድ ያመጡላታል፤ እሷም ሰፍታ መጽሐፍ ታደርገዋለች።

ነጭ ሽርጥ ያገለደሙት ሽማግሌ ሐሙስ ሐሙስ ብቅ ይላሉ። ጣታቸው በቀለም የጠቆረ ነው። የሚያስጠርዙት ነገር የላቸውም፤ የሰው ጥራዝ እያገላበጡ ለብቻቸው ከንፈራቸውን ያነቃንቃሉ።

“አባባ፣ ይሄን እንኳ ይተዉት” አለቻቸው ዛሬ። “የእናቴ ነው። አሥራ አራተኛው ሳምንት የለም፤ ጎረቤታችን ኦቾሎኒ ጠቅልላበት ቀረ!”

ሽማግሌው ወረቀት ለመኑና በርጩማው ላይ ተቀመጡ። ጥራዙን ገልጠው እንኳ ሳያዩ፣ አንዲት ቃል ሳይሰርዙ፣ ሰባት ገጽ ጻፉ። ቬዳቫሊ የመጨረሻውን ዓረፍተ ነገር ከአሥራ አምስተኛው ሳምንት መጀመሪያ ጋር አስተያየችው። ልክክ አለ።

“እርስዎ... ማን ነዎት?”

“ከዚህ ልብ ወለድ የተሠራውን ፊልም አይተሻል?”

“ስንቴ! ልጅቷ ስትሞት እናቴ ሁለት ቀን እህል አልቀመሰችም።”

“የፊልሙ ባለገንዘብ ግደላት አለኝ፤ ገደልኳት።” የጠቆረ ጣታቸውን በሽርጣቸው ጠረጉ። “እዚህ መጽሐፍ ውስጥ ግን በሕይወት አለች። ጠበቅ አድርገሽ ስፊያት፣ ልጄ።”