ነጠላው ሳይውለበለብ

ማስረሻ የምትባል ልጅ አለችኝ። ልጄ ናት እላለሁ እንጂ የወለደቻት እህቴ ትርንጎ ናት። ማስረሻ አሁን ጅዳ ሰው ቤት ትሠራለች። ባለፈው ሰኞ መካነ ሰላም መናኸሪያ በር ላይ ቆሎዬን ዘርግቼ ስቸረችር የላከችው የድምፅ መልእክት ስልኬ ላይ ገባ። "እመዬ፣ በጣም አሞኛል፣ ቶሎ ደውዪልኝ" ትላለች። ክው አልሁ። ወዲያው ስደውልላት፣ "ውይ እመዬ! እሱን እኮ የላክሁት ሐሙስ ነው። አሁን ድኛለሁ፣ አብሽሪ" ብላ ሳቀች።

ለካ ኔትወርክ ጠፍቶ ሰንብቶ ነው። እሷ ሳቀች፤ እኔ ግን ቆሎውን ለጎረቤቴ አደራ ብዬ ቤቴ ገብቼ ተኛሁ። ዘግይቶ የሚደርስ ድምፅ ምን እንደሚያደርግ እኔ አውቃለሁ።

ያኔ አሥራ ስድስት ዓመቴ ነበር፤ ይኸው አርባ ዓመት ሊሞላው ነው። ቤታችን ከከተማው የግማሽ ቀን መንገድ ርቆ ገደል አፋፍ ላይ ነበር። ወሩ ሐምሌ ነው። ጭጋጉ ደጃፍ ድረስ ይገባል፣ ጭቃው ጉልበት ይውጣል፤ ሰዉ አዲስ እህል እስኪደርስ ድንችና ጎመን ላይ ነው። ትርንጎ ማለዳ ልጇን በሰላም ተገላገለች። እልል ብለን ሳንጨርስ ግን እንግዴ ልጁ አልወርድ አለ፤ ደሙም አልቆም አለ። ለአራሷ የተጣደውን ገንፎ የሚያስታውሰው ጠፍቶ አርሮ ቤቱን በሽታው ሞላው። ያ ሽታ ዛሬም ከአፍንጫዬ አልወጣም።

ሐኪም ያለው መካነ ሰላም ነው፤ እዚያ የሚያደርሰው ደግሞ ቃሬዛ ብቻ ነው። አባታችንም ባሏም ከመንደሩ ወንዶች ጋር ገና በሌሊት ገበያ ሄደዋል። ቃሬዛው የእኛና ከገደሉ ማዶ ያለው መንደር የጋራ ነበር፤ ያን ዓመት እዚያ ማዶ እነአያ ያሲን ዘንድ ነበር የተቀመጠው።

ማዶን መጥራት ደግሞ ሥርዓት አለው። ጥሪ ድንጋይ ከሚባለው ቋጥኝ ላይ ወጥተሽ ትጮሂያለሽ፤ የሰማ ሰው ነጠላውን አውልቆ ያውለበልባል። ነጠላውን ሳያዩ መመለስ የለም፣ ጭጋጉ እስኪገልጥ ቢሆንም ቆሞ መጠበቅ ነው። እዚያ ለመድረስ ሰዓት ሙሉ ዳገት ነው። ከቤታችን ሥር ግን አስቀር የሚሉት ስንጥቅ ገደል አለ። አስቀር ድምፅ ያስቀራል። እዚያ የጮህሽው ነገር ዛሬ ይሰማ ነገ፣ ወይ ከዓመታት በኋላ፣ አይታወቅም። ሳይጠሩት የሚመልስም ድምፅ አለ ይሉ ነበር። እረኛ እንኳ ከብቱን እዚያ አይጠራም።

"ዘነቡ፣ ጥሪ ድንጋይ ውጪ! ነጠላውን ሳታዪ እንዳትመለሺ!" አለችኝ እናቴ፣ በሁለት እጇ ጨርቅ ጭምቅ አድርጋ ይዛ።

ሮጥሁ። ዳገቱን ቀና ብዬ አየሁት። የትርንጎ ማቃሰት ከኋላዬ ይሰማኛል። እሷ እየሞተች ማን ይሄን ሁሉ ይወጣል ብዬ ወደ አስቀር ቁልቁል ወረድሁ። ልፍጠን ብዬ እንጂ ሰንፌ አይደለም። ኤዲያ! ይህንን ለራሴ ስነግር አይደል አርባ ዓመት የኖርሁት!

"አያ ያሲን! ኧረ ድረሱልን! ቃሬዛ!" ብዬ ጮህሁ።

አፌን ሳልገጥም መልሱ መጣ። "መጣን! አብሽሪ፣ መጣን!"

የራሳቸው የአያ ያሲን ድምፅ ነበር። በዚያ ጭጋግ ነጠላ የት ይታያል? ድምፃቸውን ከሰማሁ ነጠላው ምን ያደርግልኛል አልሁ። ዞር ስል ሌላ ድምፅ ተከተለኝ፣ የሻከረ የአሮጊት ድምፅ። "አንቺ ልጅ! አትመለሺ! ወደ ላይ ውጪ! ውጪ!" እያለች እያለቀሰች ትጮሃለች። ደግሞ የማን እናት ናት በዚህ ጭጋግ ልጇን የምትቆጣው ብዬ ትቻት ሮጥሁ።

"እየመጡ ነው!" አልሁ ቤት ስገባ።

"ነጠላውን አየሽ?" አለች እናቴ።

"አየሁ።"

ዋሸሁ። ባልዋሽ ኖሮ ሌላ ሰው ትልክ ነበር።

ጠበቅን። ትርንጎ ዓይኗን በገለጠች ቁጥር "ደረሱ?" ትለኛለች። "ዳገቱን ይዘዋል" እላታለሁ። ደጅ እወጣለሁ፣ ማንም የለም፤ እመለሳለሁ፣ ደግማ ትጠይቀኛለች። በስተመጨረሻ መጠየቁን ተወችው። "ልጅቷን አልብሷት፣ ብርድ ነው" አለችና ዝም አለች። ወንዶቹ ከገበያ ሲመለሱ ሬሳዋን ገንዘነው ነበር።

በማግስቱ ጠዋት ለማዶ መርዶ ሊያሰማ ጥሪ ድንጋይ የወጣው ሰው ገና ሳይመለስ፣ ስምንት ወንዶች ላብ በላብ ሆነው ቃሬዛ ተሸክመው ከች አሉ። ከፊት አያ ያሲን ናቸው።

"ማን ነው የታመመው?" አሉ እያለከለኩ። "ዛሬ ንጋት ሱብሂ ሰግደን ስንወጣ ልጅቷ ስትጣራ ሰማን። መጣን ብለን መልሰን ይኸው እየሮጥን ነው!"

ከዚያ ልቅሶውን አዩ። "ያ አላህ!" ብለው ጭቃው ላይ ቁጭ አሉ። ትርንጎን ቤተ ክርስቲያን የወሰድናት በዚያው ቃሬዛ ነው። እናቴ አንዴ ብቻ አየችኝ። እስክትሞት ድረስ የነጠላውን ነገር አላነሳችብኝም። ምነው ሰድባኝ፣ ምነው መትታኝ በነበር።

ማክሰኞ ዕለት በሚኒባስ እስከ መገንጠያው ሄጄ የቀረውን በእግሬ ወደ አስቀር ወረድሁ። ጭጋጉ እንደዚያ ቀን ነው። የአያ ያሲን "መጣን" ገና ሳይናገሩት በፊት ለእኔ ከደረሰ፣ የእኔስ ድምፅ ለዚያች የአሥራ ስድስት ዓመት ልጅ ለምን አይደርስም? ዕድሜዬን መናኸሪያ ላይ "ቆሎ! ቆሎ!" ስል በሻከረው ድምፄ እያለቀስሁ ጮህሁ።

"አንቺ ልጅ! አትመለሺ! ወደ ላይ ውጪ! ውጪ!"

አንድ ድንጋይ ላይ ተቀመጥሁ። ያችን አሮጊት አወቅኋት። ለዚያች ልጅ ደርሼላት ነበር፤ ሰምታኝ ነበር፤ የማን እናት ናት ብላ ትታኝ ሄደች።

ምናለ ስሟን ብጠራው? ስሟን ብትሰማ ትቆም ነበር። ተነስቼ ጉሮሮዬ እስኪዘጋ "ዘነቡ! ዘነቡ!" እያልሁ ተጣራሁ። ያን ቀን ስሜን የጠራኝ ድምፅ እንዳልነበረ ከእኔ በላይ የሚያውቅ የለም። ቢሆንም ቅዳሜ ተመልሼ እሄዳለሁ።