ቴሌቪዥን ውስጥ የገባችው እናቴ

እናቴን ጎረቤቱ «ሬዲዮ» ይላት ነበር፤ ቢላትም አይፈረድበትም። የምንኖረው ፎቅ ምድር ቤት ነው፤ ወደ ላይ የሚወጣ ሁሉ በእኛ በር ያልፋል። እሷ ደግሞ በሩን ወለል አድርጋ ከፍታ፣ የስፌት መኪናዋን ደጃፉ ላይ ገትራ ነበር የምትሰፋው። ማን ገባ፣ ማን ወጣ፣ ማን ከማን ተኳረፈ፣ አንድም አያመልጣት። «እኔ ምን አገባኝ!» ትልና ሰዓት ሙሉ ታወራበታለች። ወይ እናቴ! ያንን ድምፅ አንዴ ብሰማው ምን አለበት!

ሦስተኛ ፎቅ ላይ አንድ ደራሲ ነርስ ከሆነች ሚስቱ ጋር ይኖራል። እናቴን ሁሉም ሰው ያወራታል፤ እሷ ግን የሆዷን የምትነግረው ለነርሷ ብቻ ነበር።

አንድ ቀን ቴሌቪዥን ጣቢያው በአንድ ፎቅ ስለሚኖሩ ሰዎች የተሠራ የውጭ አስቂኝ ተከታታይ ድራማ ለእኛ ተመልካች እንዲስማማ አድርገህ ጻፈው ብሎ ለደራሲው ሰጠው። ካሴቶቹን ይዞ እኛ ቤት ወረደና አብረን አየን። አንዲት ባልቴት አለች፤ በሯን ከርችማ ድመቷን ታቅፋ ትውላለች፤ ጎረቤት ሲያንኳኳ «ፖሊስ እጠራለሁ!» ትላለች። ካሴቱ ውስጥ ሰው በሳቅ ይንከተከታል። እናቴ ግን ከንፈሯን መጠጠች።

«ምስኪን! ጠያቂ የላትም?»

ደራሲው ራሱን አከከ። «እቺ ሴትዮ እዚህ አታስቅም» አለ።

ድራማው የጀመረ ዕለት ጎረቤቱ ሁሉ እኛ ቤት ተሰበሰበ። ባልቴቷ የለችም። በምትኳ አንዲት ልብስ ሰፊ በሯን ከፍታ ተቀምጣለች። ገና አፏን ስትከፍት «እኔ ምን አገባኝ!» አትልም? ቤቱ በሳቅ ሊፈርስ ደረሰ። እናቴ ብቻ ፊቷ ጠቆረ።

«መሳቂያ አደረገኝ!» ብላ በማግስቱ በሩን ጠረቀመችው። ነርሷ በየቀኑ ከሥራ ስትመለስ ታንኳኳለች፤ እናቴ አትከፍትም። አንድ ቀን ከውስጥ ሆና «ሂጂ! ደግሞ ይሄንንም ወስደሽ ለባልሽ ንገሪው!» አለቻት። ነርሷ ደረጃው ላይ ቁጭ ብላ አለቀሰች። 

«የቀረሽ ድመት ብቻ ነው!» አልኳት እናቴን። ጫማ ወረወረችብኝ።

ደራሲው ያስታረቀ መስሎት ሰፊዋን ከድራማው አወጣት። «ዘመድ ጋ ሄደች» ተባለና በሯ ላይ ቁልፍ ተንጠለጠለ። ያን ሳምንት ድራማውን ሁለታችን ብቻችንን አየን። ተዋንያኑ በተቆለፈው በር አጠገብ ይወጣሉ፣ ይወርዳሉ፤ ዞር ብሎ የሚያይ የለም። እናቴ እስከ መጨረሻው ጠበቀች።

«አንድ ሰው እንኳ የት ደረሰች አይልም?» አለችና ብድግ አለች። ሦስተኛ ፎቅ ድረስ ተከተልኳት። በሩን ነርሷ ከፈተች፤ እናቴ አልፋት ገብታ ደራሲው ላይ ጮኸች።

«አንተ! ሳቅክብኝ፣ እሺ ይሁን! ግን እንዲህ እንደ ቆሻሻ ጠርገህ ታወጣኛለህ?»

«እትዬ፣ ተቀይመውኛል ብዬ እኮ ነው...»

«ተቀየምኩ እንጂ ሞትኩ አልኩህ? ስጠፋ የሚፈልገኝ አንድ ሰው አጣህ?»

ነርሷ ከበሩ ሳትንቀሳቀስ፣ ቀስ ብላ፣ «እኔ ፈልጌሽ ነበር» አለች። «በየቀኑ አንኳኳሁ።»

 እናቴ ሄዳ ነርሷ ትከሻ ላይ ተደፋችና እንደ ልጅ ተንሰቀሰቀች።